አራት ሰከንድ የታየ በር፦ ድሬዳዋ ሆኖ ፕሮዳክሽን ዲዛይነር መሆን ይቻላል?

የለገሃር ልጅ

ሰላም ለሁላችሁ። ድሬዳዋ ተወልጄ ያደግሁ የ26 ዓመት ሴት ነኝ። የተማርሁት ድራፍቲንግ ነው፤ እንጀራዬ ግን የሠርግ አዳራሽ ማስዋብ ነው።

ባለፈው ዓመት ከአዲስ አበባ የመጣ የተከታታይ ድራማ ቡድን ከዚራ ሰፈር ውስጥ ሦስት ሳምንት ቀረጻ ሲያደርግ፣ አገሩን የሚያውቅ ሰው ይፈለጋል ተባለና ገባሁ። መጀመሪያ ሥራዬ ዕቃ መከራየት ነበር፤ ወንበር፣ ምንጣፍ፣ የሻይ ብርጭቆ። በሁለተኛው ሳምንት አርት ዳይሬክተሩ ታምሞ ወደ አዲስ አበባ ተመለሰ። ማንም ሳይሾመኝ ሥራው እጄ ላይ ወደቀ።

ታሪኩ ውስጥ ባል ከ15 ዓመት በፊት ጥሎት የሄደ ቤት አለ። ያገኘነው ቤት በር ግን በቅርቡ የተቀባ፣ እንደ መስተዋት የሚያበራ ሰማያዊ ነው። ባለቤቷን አስፈቅጄ አንድ ሌሊት ሙሉ በሩን ሳስረጅ አደርሁ። በብርጭቆ ወረቀት ፋቅሁት፣ የቡና አተላ ቀባሁት፣ መልሼ ጠረግሁት። ድራማው ሲተላለፍ ቆጠርሁ፤ በሩ የታየው አራት ሰከንድ ነው። አጠገቤ ተቀምጣ የነበረችው እናቴ፣ ማን እንደሠራው ሳታውቅ፣ «ይህ ቤት ሰው የራቀው ነው» አለች።

ከዚያ ቀን ወዲህ ሠርግ ቤት ገብቼ ሳቲን ስሰቅል ልቤ እዚያ የለም። ስሜ መጨረሻ ላይ «ከምስጋና ጋር» ከሚለው ሥር፣ ከውኃ አቅራቢው ቀጥሎ ወጣ። እሱ ግድ የለም። የምጠይቃችሁ ይህን ነው፦ ይህ ሙያ በትክክል ምን ይባላል? ይኖርበታል ወይ? አዲስ አበባ መሄድ ግድ ነው? ከሄድሁስ ምን ይዤ ልቅረብ?

የገንደ ቆሬው

እህቴ፣ ሠርግሽ ላይ ቆዪ። ሠርግ በየሳምንቱ አለ። የእኛ አገር ፊልም እንዴት እንደሚሠራ ልንገርሽ፦ ፕሮዲውሰሩ የአክስቱን ቤት ያስከፍታል። ሶፋው የአክስቱ፣ መጋረጃው የአክስቱ፣ ግድግዳው ላይ የተሰቀለው የምረቃ ፎቶ የአክስቱ ልጅ። ዲዛይነሯ አክስቱ ናት ማለት ነው፤ የምትከፈለውም ምሳ ነው።

ፔጆ ያለው

ለቀረጻ የሚከራይ ፔጆ 404 አለኝ። ሞተሩ ይሠራል። ፍሬኑ በጸሎት ነው። የሚፈልግ በውስጥ መስመር ይጻፍልኝ።

ባለ ብሩሹ

የገንደ ቆሬው እየቀለደ ነው፤ ቀልዱ ግን ግማሽ እውነት አለው። ስለዚህ ልጅቷ ረዘም ያለ መልስ ይገባታል።

እኔም የድሬ ልጅ ነኝ፤ የመጋላ። በዚህ ሥራ 24 ዓመት ሆነኝ። ለቲያትር የመድረክ ቅብ በመቀባት ጀመርሁ፣ ከዚያ ፊልም መጣ፣ ከዚያ ተከታታይ ድራማ።

መጀመሪያ የስሙን ነገር እንጨርስ። የቀረጻ ቦታ ማዘጋጀትን በእንግሊዝኛ «ሴት ዲዛይን» ይሉታል፤ በአማርኛ ከጻፍሽው ግን አንባቢው ሌላ ነገር ያስባል፤ ተይው። ትምህርት ቤት ሳለን ግን የአማርኛ መምህራችን ስለ ልብ ወለድ ሲያስተምሩን «መቼት» የሚል ቃል ነበር። መቼ እና የት ተጋጥመው አንድ ሆኑ። የእኛ ሥራ እሱ ነው። ደራሲው መቼቱን በአንድ መስመር ይጽፈዋል፤ አንቺ በሚስማር፣ በሞራሌ፣ በኮምፔንሳቶና በቀለም ትጽፊዋለሽ። ማስዋብ አይደለም። ማስዋብማ የሠርግ አዳራሽ ነው፤ አንዳንዱ ትዕይንት ደግሞ ሆን ተብሎ መክፋት አለበት።

«ፕሮዳክሽን ዲዛይነር» የሚለው መጠሪያ የመጣው ከአሜሪካ ነው። እኛ በነቢይ መኮንን ትርጉም «ነገም ሌላ ቀን ነው» ብለን የምናውቀው መጽሐፍ እ.ኤ.አ. በ1939 ፊልም ሆኖ ሲወጣ፣ ፕሮዲውሰሩ ዴቪድ ሰልዝኒክ ለዊሊያም ካሜሮን ሜንዚስ ይህን ማዕረግ ሰጠው። ሜንዚስ ዕቃ ደርድሮ አልሄደም። ፊልሙ ምን እንደሚመስል፣ ቀለሙና የካሜራው ማዕዘን ጭምር፣ አስቀድሞ በሥዕል ሥሎ ነበር። ኦስካር ሰጪዎቹ እንኳን የሽልማቱን ስም ከ«አርት ዳይሬክሽን» ወደ «ፕሮዳክሽን ዲዛይን» የለወጡት እ.ኤ.አ. በ2012 ነው። እንግዲህ ፕሮዲውሰር ስሙን ቢያደባልቅብሽ አትፍረጂበት።

አሠራሩ በሰለጠነበት አገር ክፍፍሉ እንዲህ ነው። ፕሮዳክሽን ዲዛይነሩ ከአዘጋጁና ከካሜራ ባለሙያው ጋር ተቀምጦ የፊልሙን መልክ ይወስናል። አርት ዳይሬክተሩ ውሳኔውን ወደ ንድፍ፣ ወደ ልኬትና ወደ በጀት ይለውጣል፤ አናጺውንም ቀለም ቀቢውንም የሚያሰማራው እሱ ነው። ዲኮሬተሩ ቤቱን በዕቃ ይሞላል። የፕሮፕ ኃላፊው ተዋናዩ በእጁ የሚነካውን ሁሉ ይይዛል፤ ደብዳቤውን፣ ቢላዋውን፣ ስልኩን። በእኛ አገር አራቱም አንድ ሰው ናቸው። አንዳንድ ቀን ይኸው ሰው አይሱዙውንም ይነዳል።

ወደ በርሽ ልምጣ። የቡና አተላው ጥሩ ነው። ግን የተቀባ በር እንዴት እንደሚያረጅ እስቲ አስቢው። ፀሐይና እጅ ናቸው የሚያስረጁት፤ ሁለቱም የሚነኩት ቦታ አለ፣ የማይነኩትም ቦታ አለ። እኔ እንዲህ ነው የማደርገው፦ መጀመሪያ የድሮውን ቀለም እቀባለሁ፤ አረንጓዴ እንበል። ሲደርቅ ጠርዙን፣ የመያዣውን ዙሪያና እግር የሚመታውን የታችኛውን ክፍል በሻማ አሻለሁ። ከላዩ ሰማያዊውን እቀባለሁ። በማግስቱ በማንኪያ ጫፍ ስፍቀው ሻማ የነካው ቦታ ብቻ ተቀርፎ አረንጓዴው ብቅ ይላል። በሩ ሁለት ዘመን ኖረ ማለት ነው። በመጨረሻ በመያዣው ዙሪያ ጥቁር ቀለምና ዘይት ያደረግሁበት ጨርቅ በመዳፌ እጫናለሁ፤ በመዳፍ እንጂ በብሩሽ አይደለም። ብሩሽ ይዋሻል።

አቧራሽንም ተጠንቀቂበት። አዲስ አበባ የሠለጠነ ቀለም ቀቢ የግድግዳ ግርጌ ሲያቆሽሽ እጁ ወደ ቀይ ጭቃ ይሄዳል። የድሬ አቧራ የደቻቱ ወንዝ አሸዋ ነው፤ ነጣ ያለ፣ ደረቅ። የድሬን ቤት በቀይ ጭቃ ያቆሸሸ ሰው ለእኔ ግንቦት ላይ ተዋናዩን ጋቢ እንዳለበሰ ነው። እሱንም አይቻለሁ።

የለገሃር ልጅ

ጋሼ ባለ ብሩሹ፣ እግዜር ይስጥልኝ። እርስዎ ያሉትን ሦስት ጊዜ አነበብሁት። ሻማውን ዛሬውኑ እሞክረዋለሁ። ግን ጽሑፍ ሲሰጠኝ ከየት ልጀምር? ያኔ ዕቃ ዝርዝር ብቻ ነበር የማወጣው።

ባለ ብሩሹ

የድሬ ልጅ ሆነሽ «እርስዎ» ትይኛለሽ? አንተ በይኝ። እኔ አንቱ የሚሉኝ አዲስ አበባ ብቻ ነው፤ እዚያም ገንዘብ ሊከለክሉኝ ሲሉ።

ጽሑፉን ሦስት ጊዜ አንብቢው። በመጀመሪያው ንባብ እርሳስ አትያዢ፤ እንደ ተመልካች አንብቢው፣ የት እንዳዘንሽና የት እንደሰለቸሽ ልብ በይ። በሁለተኛው እያንዳንዱን ትዕይንት በተራ ቁጥር አውጪው፦ ቤት ውስጥ ነው ውጭ፣ ቀን ነው ሌሊት፣ ማን አለ፣ ምን ይነካል፣ ምን ይሰበራል። የሚሰበር ብርጭቆ ካለ አንድ አይበቃም፤ ቀረጻው ስንት ጊዜ እንደሚደገም አታውቂም። ሦስተኛው ንባብ ያልተጻፈውን ለማግኘት ነው። ጽሑፉ «የወይዘሮዋ ሳሎን» ብቻ ይላል። ወይዘሮዋ ቤቱን ገዛችው ወይስ ወረሰችው? ባሏ የሚቀመጥበት ወንበር አሁንም አለ? ማን ይቀመጥበታል? ሶፋውን የምትመርጪው ይህን ከመለስሽ በኋላ ነው።

ማስታወሻ ያዥ

እኔ ረዳት ነኝ፤ ስድስት ዓመት ሆነኝ። ባለ ብሩሹ የነገረሽ የሥራውን ውበት ነው። እኔ የሥራውን ራስ ምታት ልንገርሽ።

ሦስት ደቂቃ የሚታይ የምሳ ትዕይንት ሦስት ቀን ሊቀረጽ ይችላል። በመጀመሪያው ቀን የሻይ ብርጭቆው ግማሽ ከነበረ በሦስተኛውም ቀን ግማሽ መሆን አለበት። እያንዳንዱ ቀረጻ ሲያልቅ ዕቃው ከመነካቱ በፊት ፎቶ አነሳለሁ፤ ከሩቅም ከቅርብም። በተለይ የግድግዳ ሰዓት ጠላቴ ነው። ባትሪውን አውጥቼ እገላገለዋለሁ።

የዘመኑ ነገር ደግሞ ሌላ ጣጣ ነው። በ2008 ዓ.ም. በሚፈጸም ታሪክ ላይ ተዋናዩ ከኪሱ 200 ብር ሲያወጣ አይቻለሁ፤ ባለ 200 ብሩ ኖት የወጣው በ2013 ዓ.ም. መስከረም ነው። በደርግ ዘመን ቀበሌ ግድግዳ ላይ መሐሉ ኮከብ ያለበት ሰንደቅ ዓላማ ተሰቅሎ አይቻለሁ፤ ያ ዓርማ የመጣው በ1988 ዓ.ም. ነው። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው በ1957 ዓ.ም. ስለሆነ ከዚያ በፊት የሆነ ታሪክ ላይ ሳሎን ውስጥ ቴሌቪዥን ካየሁ መዝጋት ነው። እንኳን እሱ፣ ከላይ ባለ ፔጆ ነኝ ያለው ወንድማችን መኪናም ገደብ አለው፤ ፔጆ 404 ለገበያ የወጣው እ.ኤ.አ. በ1960 ነው። ለሐረር የ1960ዎቹ ታክሲ ግሩም ነው፣ ለጣሊያን ወረራ ታሪክ አይሆንም።

ውጭ ስትቀርጪ ደግሞ ወደ ላይ ተመልከቺ። ሰው መሬት መሬቱን አጽድቶ ሲጨርስ ጣሪያው ላይ የሳተላይት ሳህን ተደርድሯል።

ፔጆ ያለው

ለጣሊያን ወረራ እንደማይሆን አላውቅም ነበር። አመሰግናለሁ። ባለፈው አከራይቼው ነበር።

ከጀጎል

እኔ ከሌላው ወገን ነኝ፤ ቤት አከራይ። ሐረር ጀጎል ውስጥ ነው ቤታችን፤ ከአያት ከቅድመ አያት የወረስነው የጌ ቤት፣ ማለትም ባህላዊው የሐረሪ ቤት። ከሁለት ዓመት በፊት አንድ ቡድን ለአምስት ቀን ተከራየን። ስማቸውን አልጠራም።

የጌ ቤት ሳሎን ወንበር አያስፈልገውም። ነደባ የምንላቸው ከፍና ዝቅ ያሉ መደቦች አሉ፤ ማን የት እንደሚቀመጥ በዕድሜና በማዕረግ የታወቀ ነው። አሚር ነደባ የሚባለው የቤቱ ባለቤት የሚቀመጥበት ነው፤ እዚያ ሆኖ በሩን ያያል። እነሱ ምን አደረጉ? ታሪኩ ውስጥ ውኃ የምትቀዳዋን ልጅ አሚር ነደባው ላይ አስቀመጧት፤ ብርሃኑ እዚያ ያምራል ብለው። ባለቤቱን ታች አስቀመጡት። ያየ የሐረር ሰው ሁሉ ባለቤቱ ምን አጥፍቶ እንደተቀጣ እስኪገለጥለት ጠበቀ። አልተገለጠም።

ሁለተኛው የባሰ ነው። ከደጃፉ በላይ ባለው አግዳሚ ላይ የተጠቀለለ ምንጣፍ ካለ፣ በዚያ ቤት ለጋብቻ የደረሰች ልጅ አለች ማለት ነው። ታሪኩ ልጅ ስለሌላት መበለት ነው። ምንጣፉን አይተው ደስ አላቸውና ከሌላ ቤት ተውሰው ሰቀሉት። እናቴ እስከ መጨረሻው ክፍል ድረስ «ልጅቷ የታለች?» ስትል ነበር።

ወለላችንና ነደባችን ቀይ ነው። ሽማግሌዎቻችን በ1879 ዓ.ም. ጨለንቆ ላይ የፈሰሰው ደም መታሰቢያ ነው ይሉናል። ቀዩ ለካሜራ አልተመቸንም፣ ቡናማ እንቀባውና ስንጨርስ እንመልሰዋለን ብለው ጠየቁን። አባቴ ተነሥቶ ከቤት ወጣ፤ መልሱ እሱ ነበር። አልቀቡትም። ግን የመብራት ማቆሚያ ብረት የነደባውን ጠርዝ ሸርፎት ሄደ፤ ግድግዳው ላይም አራት ሚስማር መቱ፣ ስፌቱን «ማስተካከል» ፈልገው። ስፌቱማ ቦታ ቦታውን ይዞ ነበር።

እህቴ፣ ይህን ሙያ ከያዝሽ ቤት ስትገቢ መጀመሪያ የቤቱን እናት ጠይቂ። ከሥነ ሕንፃ መጽሐፍ የማታገኚውን በሻይ ሰዓት ታገኚዋለሽ።

ባለ ብሩሹ

ከጀጎል፣ ስለ ሙያ ባልደረቦቼ አፈርሁ። ያ ሚስማር የመጣው ከስንፍና ነው። ከመብራት እግር ሥር የሚደረግ የተሰነጠቀ የቴኒስ ኳስ አለ፤ ዋጋው ምንም ነው። የከበደ ነገር ግድግዳ ላይ መሰቀል ካለበት ደግሞ ከግድግዳው ፊት በሞራሌ ራሱን ችሎ የሚቆም ማገር ይሠራል፤ ቤቱን ምንም አይነካውም።

የለገሃር ልጅ ይህን መዝግቢ፦ የሰው ቤት ከመግባትሽ በፊት እያንዳንዱን ግድግዳ፣ ወለልና በር ባለቤቱ ባሉበት ፎቶ አንሺ። በጽሑፍ ተዋዋሉ። ለጉዳት የሚሆን መያዣ ገንዘብ ፕሮዲውሰሩ ያስቀምጥ። የአካባቢ ሰው ስለሆንሽ ቡድኑ ሲሄድ የምትቀሪው አንቺ ነሽ፤ ሰላምታ የሚነፍጉሽም አንቺን ነው።

ሜትር በእጄ

አርክቴክት ነኝ፤ ሁለት ፊልም ላይ ሠርቻለሁ፣ ሦስተኛው ላይ አመለጥሁ። ድራፍቲንግ መማርሽን ቀለል አድርገሽ ነው የጻፍሽው፤ እኔ ግን ከሁሉ በፊት የያዝሁት እሱን ነው። ብዙ ሰው ሥዕል ይሥላል። ወለሉንና ግድግዳውን በ1፡50 ንድፍ አውጥቶ «ካሜራው እዚህ ቢቆም ያኛው መስኮት አይታይም፣ ስለዚህ ገንዘባችሁን አታባክኑበት» የሚል ሰው ግን ብርቅ ነው። ያልታየ ግድግዳ አለመሥራት ትልቁ ቁጠባ ነው።

ስለ እውነተኛ ቤትና ስለሚገነባ ቤት ልዩነት አንድ ነገር ልጨምር። አራት በአራት የሆነ እውነተኛ ክፍል ውስጥ ካሜራ፣ መብራት፣ ማይክሮፎን ያዥና ሰባት ሰው ሲገባ የካሜራ ባለሙያው ወደ ኋላ የሚሄድበት ያጣል። ስለዚህ ሰፊ ሌንስ ይጠቀማል፤ ሰፊ ሌንስ ደግሞ ጠርዝ ላይ ያለውን ፊት ይለጥጠዋል። በሚገነባ ቤት ግን የሚነቀል ግድግዳ ትሠሪያለሽ፦ አራት ብሎን ፈትተሽ ታወጪዋለሽ፣ ካሜራው በቦታው ይገባል፣ ስትጨርሺ ትመልሺዋለሽ።

ድሬ በዚህ በኩል የታደለች ናት። ከተማዋ በ1895 ዓ.ም. ከባቡሩ ጋር የመጣች ናት፤ ለባቡር ኩባንያው የተቀየሰው ከዚራ መንገዱ ቀጥ ያለ፣ ቤቱ ጣሪያው ከፍ ያለ፣ በረንዳው ሰፊ ነው። ለካሜራ ይመቻል። ደቻቱን ተሻግረሽ መጋላ ስትገቢ መንገዱ ይጠማዘዛል፣ ጥላው ይበዛል። አንድ ቡድን በአንድ ቀን ሁለት የተለያየ ከተማ መቅረጽ ይችላል። ግን ፀሐዩን አጥኚው። እኩለ ቀን ላይ ነጭ ግድግዳ ካሜራውን ያሳውረዋል። ነጭ የሚመስል ግድግዳ ከፈለግሽ ነጭ አትቀቢ፤ ትንሽ ቡናማና ትንሽ ግራጫ የገባበት ቅቢ፣ በካሜራ ነጭ ይሆናል።

ስለ ሙያው ታላላቆች ጠይቀሽ ስታነቢ ኬን አዳምን አትዝለዪው። በርሊን ተወልዶ በልጅነቱ ወደ እንግሊዝ የተሰደደ፣ ሥነ ሕንፃ የተማረ፣ በጦርነቱ ጊዜ አብራሪ የነበረ ሰው ነው። ለ«ዶክተር ስትሬንጅላቭ» የጦር ክፍል ሲሠራ ያንን ግዙፍ ክብ ጠረጴዛ አዘጋጁ ኩብሪክ አረንጓዴ ጨርቅ እንዲያለብሰው ጠየቀው፤ ተዋናዮቹ በዓለም ዕጣ ፈንታ ላይ ቁማር የሚጫወቱ እንዲመስላቸው። ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነው። አረንጓዴውን ተመልካች በጭራሽ አያየውም።

የገንደ ቆሬው

ይህ ሁሉ ጥሩ ነው። አረንጓዴ ጠረጴዛ፣ አሚር ነደባ፣ ሁሉም። ልጅቷ ግን የጠየቀችው «ይኖርበታል ወይ» ብላ ነው። ማንም ስለ ብር አላወራም። ሁላችሁም እንደ ሽማግሌ ጉሮሯችሁን ትጠርጋላችሁ።

ባለ ብሩሹ

እሺ፣ ብር።

እኔ ከማውቃቸው መካከል ዓመቱን ሙሉ በፊልምና በድራማ ዲዛይን ብቻ የሚኖሩት በጣት ይቆጠራሉ። እኔ ራሴ ከእነሱ አይደለሁም። መሐል መሐሉን ማስታወቂያ እሠራለሁ፤ ማስታወቂያ ቶሎ ይከፍላል፣ ቀኑም አጭር ነው። ካፌና ምግብ ቤት አስውባለሁ። ኤግዚቢሽን ሲኖር ዳስ እሠራለሁ። ስለዚህ የሠርግ ሥራሽን በአንድ ቀን አትጣዪው፤ የፊልሙን እርሳስና ቀለም የሚገዛልሽ እሱ ነው።

ስጀምር አንድ ፕሮዲውሰር «ፊልሙ ሲወጣ እከፍልሃለሁ» አለኝ። ፊልሙ ወጣ። እሱ አልወጣም፤ ስልኩን ዘጋ። ያኔ ጥፋቱ የእኔም ነበር፤ የዕቃውን ወጪ ከራሴ ኪስ ሸፍኜ ነበር። ከዚያ ወዲህ ሁለት ነገር ለይቼ እዋዋላለሁ፦ የዕቃ ገንዘብ በአንድ ኪስ፣ የድካም ዋጋ በሌላ ኪስ። የዕቃው ሥራ ከመጀመሩ በፊት ይገባል፣ በደረሰኝ ይወራረዳል። የድካሙ በሦስት ይከፈላል፦ ስንፈራረም፣ ቀረጻው ሲጀመር፣ የመጨረሻው ትዕይንት በተቀረጸበት ቀን። «ፊልሙ ሲወጣ» የሚባል ቀን በእኔ ካላንደር የለም። በጀት ስታወጪም ከአሥር አንድ እጁን ላልታሰበ ነገር አስቀምጪ፤ ያልታሰበው ሁልጊዜ ይመጣል። አንድ ጊዜ የገነባነውን ጎጆ ፍየል በላብኝ።

ስምሽ የት እንደሚወጣና በምን ማዕረግ እንደሚወጣም ውሉ ውስጥ አስገቢ። «እሱ ግድ የለም» ብለሽ ጽፈሻል። ግድ አለው። የሚቀጥለው ሥራ የሚመጣው በዚያ መስመር ነው።

ማስታወሻ ያዥ

ስለ ትምህርት ልጨምር። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ሥር ያለው የአለ የሥነ ጥበብና ዲዛይን ትምህርት ቤት ሥዕልና ቅርጽ በደንብ ያስተምራል፤ ከዚያ የመጡ ጎበዞች አውቃለሁ። ግን በር አንድ ብቻ አይደለም። ሐና ቢችለር የምትባል አሜሪካዊት አለች፤ መጀመሪያ የተማረችው የልብስ ንድፍ ነው፣ ከዚያ ፊልም። ለ«ብላክ ፓንተር» በሠራችው እ.ኤ.አ. በ2019 በዚህ ዘርፍ ኦስካር ያገኘች የመጀመሪያዋ ጥቁር ሆነች። ለፊልሙ ያዘጋጀችው የንድፍ መጽሐፍ በመቶዎች የሚቆጠር ገጽ ነበረው፤ የሌለ አገር ሰፈሩን፣ መጓጓዣውን፣ የግድግዳ ጽሑፉን ሁሉ የሚያስረዳ። የሌለ አገር ያን ያህል ገጽ ከፈጀ ያለ አገርማ! አንቺ ያለ አገር በእጅሽ አለ።

ሜትር በእጄ

ማስታወሻ ያዥ ያለችው ላይ ነው እኔም የምጨምረው። አዲስ አበባ ሄደሽ ተራ ከምትጠብቂ እዚህ ማኅደር ሥሪ። ሃያ ቤት ምረጪ፤ ከከዚራ፣ ከመጋላ፣ ከሳቢያን፣ ከሐረርም ባለቤቶቹ ከፈቀዱልሽ። እያንዳንዱን ለኪ፣ ንድፉን አውጪ፣ ጠዋት፣ እኩለ ቀንና አመሻሽ ላይ ብርሃኑ የት እንደሚያርፍ ፎቶ አንሺ። የመብራት ኃይሉ ስንት ይችላል? የጭነት መኪና ይገባል? ጎረቤቱ ወፍጮ ቤት ነው? ድምፅ ቀጂው ይህን ስትነግሪው ይስምሻል። ከውጭ የሚመጣ ቡድን ድሬ ሲደርስ በመጀመሪያው ሳምንት የሚያጣው ይህን መረጃ ነው፤ ያንን ሳምንት ታተርፊለታለሽ። ያኔ ዕቃ አቅራቢ አትባዪም።

ከጀጎል

ሐረር ከመጣሽ እኛ ቤት ጀምሪ። አባቴ መጀመሪያ ይቆጣል፤ ሻይ እስኪቀርብ ነው። ሚስማር ግን ይዘሽ አትምጪ።

የለገሃር ልጅ

ሦስት ሳምንት ጠፍቼ ነበር፤ ሁለት ሠርግ ነበረብኝ።

አራት ቤት ለካሁ። አንዱ ለገሃር አጠገብ ያለ የድሮ የባቡር ሠራተኛ ቤት ነው፤ ባለቤቱ አዛውንት በየክፍሉ እየዞሩ ማን የት ይተኛ እንደነበር ነገሩኝ። በሙቀት ወራት ማንም ክፍል ውስጥ አይተኛም ነበር፤ አልጋው በረንዳ ላይ ይወጣል። የአልጋው እግር በሲሚንቶው ወለል ላይ አራት ጉድጓድ ትቷል። እነሱንም ለክቼ ንድፉ ላይ አስገባኋቸው። ቀፊራ ገበያ ደግሞ ከብረታ ብረት ሻጮቹ ዘንድ ጥቁር የድሮ ማብሪያ ማጥፊያ አገኘሁ፤ ስድስት ፍሬ። ለምን እንደምፈልገው ሲጠይቁኝ መልስ ስላጣሁ አስወደዱብኝ።

ንድፎቹን ለአንተ ልኬልሃለሁ፣ ባለ ብሩሹ። ይኸው አንተ አልሁ።

ባለ ብሩሹ

አየኋቸው። መስመርሽ ንጹሕ ነው። የአልጋውን እግር ጉድጓድ ሳይ ከወንበሬ ተነሣሁ። ማኅደሩን እስከ ሃያ ድረስ ጨርሺው፤ ከአንድ ወር በኋላ ወደ ምሥራቅ የሚመጣ ሥራ አለ፣ ለዲዛይነሩ አሳየዋለሁ። ምንም ቃል አልገባልሽም።

ከንድፎቹ ጋር ፎቶውን የላክሽልኝ የልምምድ በር ላይ ግን ጥያቄ አለኝ። ሻማውን በደንብ ተጠቅመሻል፣ አረንጓዴው በትክክል ወጥቷል። የመዳፉ እድፍ ግን በሙሉ በአንድ ቁመት ነው፣ በአዋቂ ሰው ቁመት። ባልየው ከ15 ዓመት በፊት ሄዷል ብለሽኛል። ታዲያ ያን በር ሲገፋ የኖረው ማን ነው?

የለገሃር ልጅ

ጽሑፉን እንደገና አወጣሁት። ወንድ ልጅ አለ። አባቱ ሲሄድ 4 ዓመቱ ነበር፣ ታሪኩ ሲጀመር 19 ነው። እኔ በሩን ስሠራ ስለ እናቱ ብቻ ነበር የማስበው።

ፍቄ እንደ አዲስ ጀመርሁት። የጎረቤታችንን ልጆች ጠርቼ በሩን ግፉ አልኋቸው፤ መዳፋቸው ያረፈበትን ለካሁ። አሁን እድፉ ከ75 ሴንቲ ሜትር ይጀምራል፣ 105 ላይ ይጠቁራል፣ 130 ላይ ከእናትየዋ እጅ ጋር ይገናኛል። ታችኛውን ከሁሉም አደበዘዝሁት፣ የቆየው እሱ ስለሆነ።

በሩ ጓዳ ተገትሯል። እናቴ ዱቄት ልታወጣ ስትገባ በእግሯ እየገፋች ነው የምታልፈው፤ እንዳትነካው ነግሬያታለሁ፣ ገና አልደረቀም።